ቧንቧዋ ስትደርቅ

«ካት» አለ ዋናው፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

ቢቆጣ ይሻል ነበር። የፊልሙ ዳይሬክተር ስለሆነ ሁሉም «ዋናው» ይለዋል፤ ዋናው ደግሞ የሚቆጣው ነገሩ ይስተካከላል ብሎ ሲያምን ነው። እንዲህ ቀስ ብሎ «ካት» ሲል የክፍሉ ሰው ሁሉ ትከሻው ይወርዳል። መብራት ያዡ ክንዱን አሳረፈ። ካሜራማኑ ዓይኑን አሸ። ሜካፕ ሠሪዋ ሳጥኗን አንጠልጥላ በበሩ ብቅ አለች።

ልጅቱ አልጋው አጠገብ እንደተንበረከከች ቀረች። ፊቷ የሚጠበቅበትን ሁሉ አድርጓል፤ ከንፈሯ ተንቀጥቅጧል፣ ትንፋሿ ተቆራርጧል፣ አንገቷም ሰበር ብሏል። ዓይኗ ግን ደረቅ ነው። አልጋው ላይ የሞቱት ሰውዬ አንድ ዓይናቸውን ገለጥ አድርገው አዩዋትና መልሰው ጨፈኑት።

«ምነው የኔ ልጅ፣ አሞሻል እንዴ?» አለ ዋናው።

«ኧረ ደህና ነኝ ጋሼ።»

«እና?»

«እንጃ። አልመጣ አለኝ።»

ዋናው ቀና ብሎ መስኮቱን አየ። ትዕይንቱ የሚቀረጸው በመስኮቱ በምትገባው የከሰዓት ፀሐይ ነው፤ ፀሐይዋ ደግሞ አልጋውን ለቃ ወደ ግድግዳው መውጣት ጀምራለች። ቤቱም የሰው ነው፤ ባለቤቶቹ የለቀቁላቸው ለዛሬ ብቻ ነው። «ትንሽ እንረፍ» አለና ወደ ኮሪደሩ ወጣ። የቀረው ሰው ባለበት ቆመ። አልቅሺ ተብላ ያላለቀሰችበት ቀን እስካሁን አልነበረምና ሁሉም ግራ ገብቶታል።

ትምህርት ቤት «ቧንቧ» ነው የሚሏት። ስሙን ያወጣችላት ከጎኗ የምትቀመጠው ጓደኛዋ ናት። አንድ ቀን የሒሳብ መምህሩ ድንገተኛ ፈተና ይዘው ሲገቡ ጓደኛዋ በክርኗ ጎሸም አደረገቻትና «ክፈቺው» አለቻት። ከፈተችው። መምህሩ ያን የሚያህል እንባ በቅርብ አይተው ስለማያውቁ ክው አሉ፤ ፈተናውን ለሌላ ቀን አስተላልፈው እሷን ቢሮ ወስደው ውሃ አጠጧት። ክፍሉ ሊሸከማት ምንም አልቀረው። ችግሩ ከዚያ ወዲህ የምሯን ስታለቅስ የሚያምናት መጥፋቱ ነው። በቀደም ጣቷ በር መሃል ተቀርቅሮባት ስትጮህ «ኧረ ሙድ አትያዢብን» ብለዋት አልፈዋል። እኛም በዚሁ ስም ብንጠራት አትቀየምም፤ ለምዳዋለች።

ነገሩ የጀመረው ገና ስድስት ዓመቷ እያለ ነው። አባቷ ፊልም ላይ መብራት ያዥ ነበር። ታሞ ተኛ፤ ብዙም ሳይቆይ ሞተ። ዋናው የአባቷ የልብ ጓደኛ ስለነበር ቤታቸው ይመላለስ ነበር። በዚያው ሰሞን ለሚሠራው ፊልም የሚሆን ሕፃን ሲያጣ «ለምን እሷን አንሞክራትም?» አለ። እናቷም ልጅቷ ቤት ተቀምጣ ከምትቆዝም ይሻላል ብላ ይዛት ሄደች። ቧንቧ ካሜራው ፊት እንጨት ሆና ቆመች። አልቅሺ ሲሏት ጭራሽ ፈገግ አለች፤ እንግዳ ሰው ፊት ፈገግ በይ እየተባለች ነው ያደገችው። ያኔ ዋናው ጎንበስ ብሎ ጆሮዋ ላይ አንድ ነገር ሹክ አላት።

«አባትሽ መብራቱን ይዞ ቆሞ እያየሽ ነው።»

ዞር ብላ መብራቱን አየች። የያዘው የማታውቀው ሰው ነው። የዚያን ጊዜ እንባዋ ዝርግፍ አለ።

ፊልሙ በአገሩ ባሉ ሲኒማ ቤቶች ሁሉ ታየ፤ ሰዉ መሐረቡን አርጥቦ ወጣ። ከዚያ በኋላ በአገሩ ፊልም ውስጥ የምታለቅስ ልጅ ካስፈለገች እሷ ናት። ቤት ሲቃጠል አልቅሳለች፣ ባቡር ሲያመልጣት አልቅሳለች፣ ዓይነ ስውር አያቷን እየመራች በዝናብ መሃል አልቅሳለች። ከፊልም ማስታወቂያው ጥግ የማትጠፋው ያቺ እርጥብ ፊት የሷ ናት። ከዓመት ዓመት ፊቷ ይረዝማል እንጂ ሥራዋ ያው ነው። አንድ ጋዜጣ «የአገራችን ሲኒማ እንባ» ብሎ ጽፎላት እናቷ ገጹን ቆርጣ ግድግዳ ላይ ለጥፋዋለች። እናቷ በዚያው ሰበብ ልብስ ክፍል ሥራ አግኝታ ተዋናዮቹን የምታለብሰው እሷ ሆናለች። ስለ ልጇ ለጠየቃት ሁሉ «ተሰጥኦ ነው፤ ከላይ የተሰጣት ነው» ትላለች።

ተሰጥኦው ምን እንደሆነ ግን እናትየው አታውቅም። ዋናው ወደ ልጅቷ ጆሮ ሲያጎነብስ ሁሉም ፊቱን ያዞራል፤ ይህ የቀረጻው ደንብ ሆኗል። እናቷ ስለ ፊልሙ ታሪክ የሚነግራት ይመስላታል። ቧንቧም ለእናቷ ነግራት አታውቅም። እቤት የአባቷ ስም አይነሳም፤ ፎቶው እንኳ ሣጥን ውስጥ ነው። ስሙ ሲጠራ እናቷ እንዳትታመም ብላ ዝም እንዳለች አድጋለች።

ያቺ ሹክታ የመጀመሪያዎቹን ፊልሞች ብቻዋን ተወጣቻቸው። ኋላ ግን ቧንቧ ለመደቻት። ዋናው ሲያጎነብስ ትንፋሹ ጆሮዋን ይኮረኩራት እንደሆነ እንጂ ሌላ ምንም አይሰማትም። ስለዚህ ከራሷ መጨመር ጀመረች። አባቷ ሲስቅ የሚያወጣውን ድምፅ አሰበች፤ እንባው መጣ። በሌላ ፊልም ደግሞ ጫማውን ሳያወልቅ ሶፋ ላይ የሚወስደውን እንቅልፍ አሰበች። ስሟን ከደረጃው ግርጌ ሆኖ እንዴት እንደሚጠራት አሰበች። ሁሉም ሠሩ። ግን ፊልም አንድ ጊዜ ተቀርጾ አያልቅም፤ አንድ ጊዜ ካሜራው ይንቀጠቀጣል፣ አንድ ጊዜ ውሻ ይጮሃል፣ «በድጋሚ» ይባላል። ያው ትዝታ በድጋሚ ይወጣል። ሲወጣ ሲወጣ ሳሳ፤ አንድ ቀን ስትፈልገው የለም። ዛሬ የአባቷን ሳቅ ላስብ ብትል የሚመጣላት የባቡር ጣቢያው ቀረጻ ነው። ስሟን የሚጠራት ድምፅም የአባቷ ይሁን የአንዱ ተዋናይ መለየት አቅቷታል።

ይሄ ነው ያደከማት። ሥራው አይደለም፤ ፀሐዩም፣ መንበርከኩም፣ ከትምህርት ቤት እየሮጡ መምጣቱም አይደለም። አባቷ እያለቀባት ነው።

አንድ ብቻ ቀርታታለች፤ ለማንም አውጥታ የማታውቃት። አባቷ የጋለ መብራት የሚይዝበት ወፍራም የቆዳ ጓንት ነበረው። አንድ ቀን ከመዋዕለ ሕፃናት ሊወስዳት ሲመጣ ማውለቁን ረስቶት መጣ። እጇን ስትዘረጋለት ያንን የሚያህል ጓንት አየችና ፈራች። እሱ ሳይስቅ፣ በጣም ቁም ነገር በሆነ ፊት፣ የጓንቱን አፍ ለቀቅ አድርጎ የሷን እጅ ከራሱ እጅ ጎን አስገባው። እስከ ቤት ድረስ ሁለት እጅ በአንድ ጓንት ውስጥ ይዘው ሄዱ። ውስጡ ይሞቅ ነበር። በቃ፣ ይቺ ናት። አንዳንዴ እንቅልፍ እንቢ ሲላት ጠጋ ብላ ታያታለች፤ ከጫፏ ብቻ ነክታ ትመልሳታለች።

ዋናው ተመለሰ። ልብሱ ላቡን ጠጥቶ ጀርባው ላይ ተለጥፏል። ቀኑን ሙሉ አልተቀመጠም።

«እንሞክራት» አለ። «የኔ ልጅ፣ ዝግጁ?»

አጎነበሰ። ሰዉ ፊቱን አዞረ። «አባትሽ መብራቱን ይዞ ቆሞ እያየሽ ነው» አላት፣ እንደ ሁልጊዜው። ድምፁ ግን እንደ ድሮው አይደለም፤ የሰለቸ ሰው ስልክ ቁጥር ሲናገር ይመስላል።

ካሜራው ዞረ። ቧንቧ የሟቹን እጅ ያዘች። ጠበቀች። ጓንቷ መጣችባት፤ እዚያው ደጃፉ ላይ ቆመች። ግቢ ብትላት ትገባለች፣ እንባውም ይወርዳል፤ ይሄንን በደንብ ታውቃለች። ግን ውሻ ቢጮህስ? ካሜራው ቢንቀጠቀጥስ? በድጋሚ ቢባልስ? መለሰቻት።

«ካት» አለ ዋናው። የአሁኑ ከቅድሙም የባሰ ዝግ ያለ ነበር። ካሜራማኑን ይዞ ወደ መስኮቱ ሄደና በሹክሹክታ መነጋገር ጀመሩ።

«እጄን ልቀቂኝ እንጂ ልጄ፤ ደንዝዞብኛል» አሉ ሟቹ፣ ከንፈራቸውን ብዙም ሳያንቀሳቅሱ።

«ይቅርታ ጋሽ ሟች።»

በሁሉም ፊልም ስለሚሞቱ «ጋሽ ሟች» ይሏቸዋል፤ እሳቸውም ይመልሳሉ። በወጣትነታቸው ሴቱ ሁሉ ፎቷቸውን ደብተሩ ውስጥ ደብቆ የሚይዝላቸው ተዋናይ ነበሩ ይባላል። አሁን በቀረጻ መካከል እንቅልፍ ይወስዳቸውና ሲያንኮራፉ ሟች ተቀስቅሶ እንደገና ይሞታል።

«አልመጣልሽ አለ?» አሏት።

«ያለኝን ጨርሻለሁ መሰለኝ።»

«ታድለሽ። እኔ እስክጨርስ ፀጉሬ አለቀ።» ዓይናቸውን እንደጨፈኑ ነው። «አፍቃሪ ሆኜ ጀመርኩ። ቀጥሎ ባል አደረጉኝ። ቀጥሎ አባት። አሁን አስከሬን ነኝ። ከዚህ በላይ እድገት ያለ አይመስለኝም።»

ቧንቧ ሳታስበው ፈገግ አለች። «አይደክምዎትም?»

«ይደክመኛል። ግን መሞት ጥሩ ነው፤ ያስተኛል። ያንቺ ነው የከፋው። እኔ ስሞት ከኔ የሚወስዱት የለም፤ ዓይኔን መጨፈን ነው። አንቺ ግን በየጊዜው ከየት እያመጣሽ እንደምትሰጪያቸው እንጃ። ስንት ዓመት አጠገብሽ ሞቼ አንድም ቀን አልጠየቅኩሽም።» «ብጠይቅሽ ይሻል ነበር» አሉና ወደ ግድግዳው ዞሩ።

የቧንቧ ጆሮ ግን ወደ መስኮቱ ሄዷል።

«እንግዲህ ትንሿን እንጠቀም» እያለ ነበር ዋናው። «ካሜራውን ወደሷ አዙረው። ትልቋ ከጀርባ ትታይ።»

ትንሿ ሚጢ ናት። በፊልሙ የቧንቧ ታናሽ እህት ሆና ነው የምትጫወተው። የመጀመሪያ ፊልሟ ነው፤ የፊት ጥርሷም ገና አልበቀለም። አልጋው ግርጌ ተቀምጣ ብስኩቷን በሁለት እጇ ይዛ በጥንቃቄ ዙሪያውን ትበላለች። ይዛት የመጣችው አክስቷ በሩ አጠገብ ቆማለች፤ ይህን ሁሉ ታዋቂ ሰው በአንድ ቀን በማየቷ ደስታዋ ፊቷ ላይ ይታያል። ዋናው ወደ አክስትየዋ ጠጋ አለ።

«እስኪ ንገሪኝ፣ ይቺን ልጅ ምን ነገር ነው ሆዷን የሚያስብሳት?»

አክስቷ በጠቃሚነቷ ተደሰተች። ክፋት የላትም፤ የተጠየቀችውን ነው የመለሰችው። «እናቷን ካነሱባት አለቀ። ለሥራ ብላ ሩቅ አገር ሄዳ የለ? በየቀኑ ‹መቼ ነው የምትመጣው?› ትላለች። ‹ከእንግዲህ አትመጣም› ቢሏት እስከ ነገም አታባራ።»

ዋናው ራሱን ነቀነቀ። ደስ ያለው አይመስልም። የደከመው ሰው ነው፤ መስኮቱን አየ፣ ፀሐይዋን አየ፣ ከዚያ ሱሪውን ጉልበቱ ጋ ሳብ አድርጎ ለማጎንበስ ተዘጋጀ። ክፍሉ ውስጥ ያለው ሰውም ልማዱ ነውና አንድ በአንድ ፊቱን ማዞር ጀመረ።

ሚጢ ብስኩቷን አቁማ ወደሷ የሚመጣውን ትልቅ ሰው ቀና ብላ እያየችው ነው፤ ፈገግም ብላለታለች።

«ጋሼ፣ ይቆዩ፤ እኔ አለቅሳለሁ» ልትል ቧንቧ አፏን ከፈተች። ቀላል ነበር። ጓንቷን ማውጣት ብቻ ነው። ዓይኗን ጨፈነችና ወደዚያች መንገድ ገባች፤ ሙቀቱ መጣ፣ የቆዳው ሽታ መጣ፣ አፍንጫዋን ውስጥ ውስጡን በላት። እንባው ዓይኗ ጠርዝ ላይ ደርሷል። እስካሁን እንዲህ ቀርቦላት አያውቅም። ግን ዛሬ ይቺን ከሰጠች በሚቀጥለው ፊልም ባዶዋን ናት። ያኔ ዋናው ወደ ሚጢ ማጎንበሱ አይቀርም። ሚጢም አንድ አንዷን ታወጣለች፣ እናቷን ታወጣለች፣ እንደሷ ስምንተኛ ክፍል ስትደርስ እንዲህ እዚህ ተንበርክካ ዓይኗን ጨፍና ትፈልጋለች።

ዓይኗን ገለጠች።

«ጋሼ፣ ለሷ ምንድን ነው የሚሏት?»

ዋናው ግማሽ መንገድ አጎንብሶ ቀረ። «ምን አልሽ?»

«ጆሮዋ ላይ። ለኔ የሚሉኝን ዓይነት ነው?» ድምፅዋ ካሰበችው በላይ ጮኸ፤ ክፍሉ ጠባብ ነው። «‹አባትሽ መብራቱን ይዞ ቆሞ እያየሽ ነው› የሚሉኝን?»

ያ ስንት ዓመት በጆሮ ብቻ ሲነገር የኖረ ቃል በአደባባይ ሲወጣ ሌላ ነገር ሆነ። ፊቱን ያዞረው ሁሉ መልሶ ዞረ። መብራት ያዡ መብራቱን እንደ ሌባ ዕቃ ከሰውነቱ አራቀው።

እናቷ በሩ ላይ ነበረች። የሟቹን ሰፊ ፒጃማ ልታጠብብ መጥታ ኖሮ መርፌ ቁልፎቹን በከንፈሯ ይዛለች። አንድ በአንድ ከአፏ አወጣቻቸው።

«ምንድን ነው ያልሽው?»

«የሚያስለቅሰኝን ነው እማዬ። ጋሼ ሁሌ የሚሉኝን።»

«ከመቼ ጀምሮ?»

«ከመጀመሪያው ቀን።»

እናቷ ወደ ዋናው ዞረች። ትጮሃለች ብለው ሲጠብቁ ድምፅዋ ጭራሽ ዝቅ አለ። «እኔ ቤቴ ውስጥ ስሙን የማላነሳው ይቺ ልጅ እንዳታዝን ብዬ ነው» አለች። «ፎቶውን የደበቅኩት ለዚህ ነው። አንተ ደግሞ እዚህ በየቀኑ ስታነሳው ኖረሃል?»

ዋናው የኬብሉ ሣጥን ላይ ቁጭ አለ። ቧንቧ በዚህ ሰውዬ ፊት ላይ እንዲህ ያለ ነገር አይታ አታውቅም፤ ሽማግሌ መሰለ።

«ሌላ ዘዴ አላውቅም ነበር» አለ። «የመጀመሪያው ቀን እንዲያው አመለጠኝ። ሠራ። ከዚያ...» እጁን በባዶ አወናጨፈ። «እሷ ዞራ መብራቱን ስታይ እኔም አብሬ አይ ነበር። ያለ ይመስለኝ ነበር እኮ። ናፍቆኝ ነው። እሱ ከሄደ በኋላ መብራት እንደ ልቤ የሆነልኝ ቀን የለም።»

ቧንቧ ተናደደችበት፤ አዘነችለትም። ሁለቱም አንድ ላይ መጡባትና ከሁለቱ የቱን እንደምታስቀድም አላወቀችም። አባቷን እሱም እንደ እሷ ሲጨርሰው ኖሯል።

«እኔ ተነስቼ ልቀመጥ ወይስ እንደሞትኩ ልቆይ?» አሉ ጋሽ ሟች ከአልጋው ላይ።

ካሜራማኑ ሳቁ አመለጠውና በሳል ሸፈነው። አክስትየዋ ሚጢን አቅፋ ወደራሷ አስጠግታለች፤ ምን እንዳጠፋች አሁን ገና ሳይገባት አልቀረም፣ የልጅቷን ጆሮ በመዳፏ ይዛዋለች።

እናቷ የቧንቧን ክንድ ያዘች። «ተነሺ፣ እንሂድ። በቃን።»

ቧንቧ ለመሄድ ልቧ ከጅሏል። ጉልበቷ ቆስሏል፣ ጭንቅላቷ ይወጋታል። ግን ግድግዳው ላይ የወጣችውን ፀሐይ አየች። ሄዳ ብትተኛ ፀሐይዋ ሳትጠልቅ ዋናው ከሣጥኑ ላይ ተነስቶ ወደ ሚጢ ያጎነብሳል፤ ሰው ሁሉ ሥራው ነውና ዛሬ ያፈረበትን ነገ ይረሳዋል።

«ልጨርስ እማዬ» አለች። ቀጥላ ወደ ሜካፕ ሠሪዋ ዞረች። «ያቺን የምታቃጥለዋን ቅባት ይዘሻታል?»

ሜካፕ ሠሪዋ ወደ ዋናው ሰረቅ አድርጋ አየች። ዓይን ስር ትንሽ ሲቀቡት እንባ የሚያስመጣ ቅባት አለ፤ ሌሎች ሁሉ በሱ ነው የሚሠሩት። ዋናው ግን በቀረጻው እንዲገባ ፈቅዶ አያውቅም። «እኔ ፊልም ላይ የውሸት እንባ የለም» ማለት ይወዳል፤ በየቃለ መጠይቁ የሚኮራበት ነገር ነው።

«ጋሼ፣ በሱ ነው የማለቅሰው» አለች ቧንቧ። «ሚጢም ማልቀስ ካለባት በሱ ታልቅስ። ጆሮዋ ላይ ግን ማንም ምንም እንዳይላት። አለዚያ እኔ ነገ አልመጣም፤ ከነገ ወዲያም።»

ስትናገር ድምፅዋ ተንቀጠቀጠ፤ ጀግና አትመስልም ነበር። ዋናው ጫማውን ሲያይ ቆየ። ኋላ ለሜካፕ ሠሪዋ በአገጩ ምልክት ሰጣት።

ቅባቱ በረዶም እሳትም ነው። ቧንቧ ዓይኗን ማርገብገብ እስኪያቅታት አቃጠላት፤ እንባው ወረደ። ተንበረከከች፣ የጋሽ ሟችን እጅ ያዘች፣ የተጻፈላትን ተናገረች። ጆሮዋ ላይ ያጎነበሰ ሰው አልነበረም። እያለቀሰች ሳለ ስለ ምንም አላሰበችም፤ ካሰበችም ነገ ስላለባት የጂኦግራፊ የቤት ሥራ ሳይሆን አይቀርም። ዓይኗ ያለቅሳል፣ እሷ ውስጥ ግን ጸጥ ብሏል። እንዲህ ያለ ዕረፍት ካሜራ ፊት አግኝታ አታውቅም።

«ካት» አለ ዋናው። ፀሐይዋ ከመስኮቱ ወርዳለች። ካሜራው ውስጥ ያለውን መልሶ ሲያይ ሁሉም ዙሪያውን ከበው ጠበቁ።

«ዓይኗ ቀልቷል» አለ። ቆይቶ ደግሞ «ይሆናል» አለ። ጥሩ ነው አላለም። እንዲያው ለነገሩ ጥሩም አልነበረም ይሆናል። መብራቶቹ አንድ በአንድ ጠፉ፤ ጋሽ ሟችም ብርድ ልብሳቸውን ገፈው ጫማቸውን መፈለግ ጀመሩ።

አውቶቡሱ ውስጥ እናትና ልጅ ጎን ለጎን መቀመጫ አገኙ። ከሥራ መውጫ ሰዓት ስለሆነ ሰው ሁሉ ዝሏል፤ የቆመውም ብረቱን ይዞ ያንቀላፋል። ቧንቧ ዓይኗን በእጇ ጀርባ አሸችው።

«አትሺው፤ ይብሳል» አለች እናቷ።

«እሺ።»

እናቷ ቦርሳዋን ትከፍታለች፣ ትዘጋለች። መልሳ ትከፍታለች። በመጨረሻ «አባትሽ...» አለችና እንደ ልማዷ አቆመች። ሁለቱም የመስኮቱን መስታወት አዩ።

ቧንቧ ደክሟታል። ጭንቅላቷን መስታወቱ ላይ ደገፍ አድርጋ ብትተኛ ደስ ባላት። ግን ያቺ የተቋረጠች ቃል አየር ላይ ተንጠልጥላ አስቸገረቻት።

«የሚያስቅ ካለሽ ንገሪኝ» አለች። «የሚያስለቅሰውን አልፈልግም። እሱን ጨርሻለሁ።»

እናቷ ዞር ብላ አየቻት። በዚህ ፊት ላይ ብዙ ጊዜ ለፊልም የሚወርድ እንባ አይታለች፤ አሁን የምታየው ግን መጠየቅ ብቻ ነው። አሰበች። ስታስብ አፏ ጥግ አካባቢ አንድ ነገር መላወስ ጀመረ።

«አንድ ቀን» አለች፣ «ዋናው በቀረጻ መሃል ወንበሩ ላይ እንደተቀመጠ እንቅልፍ ይወስደዋል። አባትሽ ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? ለሰዉ ሁሉ በጣቱ ‹ዝም› እያለ፣ መብራቱን አንድ በአንድ አጠፋ። ሰዉን ጫማ አስወልቆ በእግር ጣቱ አስወጣ። ጋሽ ሟች ሳይቀሩ፤ ያኔ ገና ባል ነበሩ። ዋናው ሲነቃ ድቅድቅ ያለ ጨለማ ነው። ማንም የለም። ታዲያ ምን ቢል ጥሩ ነው?»

«ምን አለ?»

«‹ካት፣ ካት፣ ኧረ ካት› እያለ...» እናቷ መጨረስ አቃታት፤ እየሳቀች ነው። ቧንቧ ይህን ሳቅ የሰማችው መቼ እንደሆነ ትዝ አይላትም። ከፊታቸው የተቀመጠው ሰውዬ ዞር ብሎ አያቸው። «አባትሽ ደግሞ ከበሩ ውጭ ሆኖ...»

አውቶቡሱ የነሱ ፌርማታ ላይ ቆመ። ሰው ወረደ፣ ሰው ወጣ። እናቷ እጇን እያወናጨፈች ታወራለች፤ አላየችም። ቧንቧ አየች። የቤታቸውን መታጠፊያ፣ ጥግ ላይ ያለችውን ሱቅ አየች። እግሯ ዝሏል፣ ዓይኗ ያቃጥላታል፣ ነገ ጠዋትም ትምህርት አለ። አውቶቡሱ በሩን ዘግቶ ተነሳ።

«እሺ፣ ከዚያስ?» አለች።